ያየሁት ኮቱን ነው

የበደለኝ ሰው መኮንን ይባላል። የበደለኝም የዳግማይ ትንሣኤ ማግስት፣ ሰኞ ረፋድ ላይ፣ ከፍርድ ቤቱ ግቢ ጀርባ ካለው ወይራ ሥር፣ በሽማግሎችና በመስቀል ፊት ነው። የልጄ የክርስትና አባት ነበር፤ አበልጄ ነበር። ሰው «ሙት ወቃሽ አያድርገኝ» ይላል፣ ከዚያ ሙቱን ሲወቅስ ይውላል። እኔ እንደዚያ አልልም። መኮንንን በቁሙ ወቅሼዋለሁ። ሰምቶኛል፤ መልስ አልሰጠኝም። ስለዚህ ዛሬ የምጽፈው ከጀርባው አይደለም።

ይህን ያስነሣብኝ አንድ ኮርቻ ነው። ባለፈው ሰሞን የጎረቤቴ ልጅ ስትመረቅ ቤተሰቦቿ ከታች በኩል አዲስ በተሠራው ሆቴል ምሳ አበሉን። እጄን ልታጠብ ስነሣ መተላለፊያው ግድግዳ ላይ ኮርቻ ተሰቅሎ አየሁ። እንጨቱን ቫርኒሽ ቀብተው እንደ ቁም ሣጥን አብለጭልጨውታል። ከሥሩ ያለውን ግላስ፣ የኮርቻውን ምንጣፍ፣ ግን አልነኩትም፤ እንደ ድሮው ነው። ዝናብ ዘንቦ ስለነበር ጣሪያው አፍስሶበት ረጥቧል። የረጠበ ግላስ ምን እንደሚሸት የሚያውቅ ያውቃል። ላብ ነው፣ ሣር ነው፣ ቆዳ ነው፣ ትንሽም ጭስ አለው። እጄን ሳልታጠብ ቆምኩ። አንድ አስተናጋጅ መጣ፣ አንገቱ ላይ ጥቁር ነገር ያሰረ ልጅ።

«እማማ፣ ፎቶ ላንሳዎት?»

«ከማን ጋር?»

«ከቅርሱ ጋር።»

«የትኛው ነው ቅርሱ?» አልኩት። ሳቀና ሄደ። ፎቶ አላስነሣሁም። ወደ ቦታዬ ስመለስ ምሳው ቀዝቅዞ ነበር፤ እኔም ስለ ምርቃቱ የሚወራውን ያን ቀን አልሰማሁም።

እኛ ስንኖርበት የነበረው ላሊበላ ዛሬ ባጃጅ ተደርድሮ የሚቆምበት ማዕዘን ላይ የሚጀምር ከተማ ነበር። አሁን ሞባይል ካርድ የሚሸጥበት ቤት ያን ጊዜ ካሴት ቤት ነው። ባለቤቱ ጠዋት ገና በሩን ሲከፍት አንዱን የትዝታ ካሴት ያስጀምራል፣ ማታ በሩን ሲዘጋ በእርሱ ይጨርሳል፣ በመሃል ሌላ ያስገባ እንደሆነ እንጃ። ከካሴት ቤቱ አጠገብ ሻይ በሃምሳ ሳንቲም የምትሸጥ ሴት ነበረች፤ ቅመም አታበዛም፣ ስኳር አትሰስትም። ከእርሷ ቀጥሎ ግንብ አለ፣ ከግንቡ ሥር በቅሎዎቹ። ጭራቸው ወደ ግንቡ፣ ፊታቸው ወደ መንገዱ። ለምን እንደዚያ እንደሚቆሙ አንድ ቀን ባለቤቴን ብጠይቀው «ፈረንጅ በቅሎ የሚመርጠው ዓይኗን አይቶ ነው» አለኝ። እውነት ነበር። እኛ የምናየው እግሯን ነው፤ እነርሱ ግን ዓይኗን አይተው ይቀመጡባታል።

ባለቤቴ ሲሳይ ይባላል። ሁለት በቅሎ ነበረን፣ ዳማና ቦራ። ዳማ እንደ ስሟ ዳማ ናት፣ የተቆላ ገብስ የመሰለች፤ ቦራ ግንባሯ ላይ ነጭ አላት። ከተማው አናት ተራራ ላይ ካለችው አሸተን ማርያም ደርሶ መልስ ሃያ አምስት ብር ነበር፤ እንግዳው ደግ ከሆነ ሠላሳ ይሰጣል፣ ክፉ ከሆነ ሃያ አምስቱን እያገላበጠ ያየዋል። በዚያ ብር ሰው ይኖር ነበር። በዚያ ብር ለሲሳይ ካኪ ኮት አሰፋሁለት፣ ኪሱ አራት የሆነ፣ ከወልድያ በመጣ ጨርቅ። እኔ ኮንጎ ጫማዬን በበዓል ብቻ ነበር የማደርገው፤ በአዘቦቱ በረባሶ ይበቃኛል። ዛሬ የልጅ ልጆቼ በረባሶ ሳሳያቸው ጎማውን እያጎበጡ ይስቃሉ። ይሳቁ። ያ ጎማ ከእነርሱ ጫማ የበለጠ ዳገት ወጥቷል።

የአሸተን መንገድ ሊነጋጋ ሲል ነው ጥሩ የሚሆነው። ከላሊበላ ስትወጪ መጀመሪያ ገብስ ማሳ ነው፣ ከዚያ ድንጋዩ ይጀምራል፣ ከዚያ ገደሉ። ፀሐይዋ ከኋላሽ ትመጣለች፤ የበቅሎይቱ ጆሮ ጫፉ መጀመሪያ ይበራል፣ ቀጥሎ ጋማዋ፣ ቀጥሎ አንቺ። ከታች ከተማው ቆርቆሮው አንድ በአንድ ያብለጨልጫል። ሲሳይ እየወጣ ያንጎራጉር ነበር፤ ድምፁ ጥሩ አልነበረም፣ ስንኙም የራሱ ነው፦

አሸተን ሽቅብ ነው ጉልበት የሚፈታ፣
ዳማ ቀስ በይልኝ እስኪነጋ ላፍታ።

ስንጋባ ይህን ነው ያንጎራጎረልኝ። «ለበቅሎ የገጠምከውን ለእኔ ትለኛለህ?» ብለው «ለሁለታችሁም ይሆናል» አለ። ሰው ሲሞት ብዙ ነገር ይረሳል ይላሉ። እኔ የሲሳይን ፊት አንዳንዴ ማስታወስ ያቅተኛል፤ ያቺ ዳገት ላይ የሚያሰማት ሻካራ ድምፅ ግን አንድም ቀን ጠፍታብኝ አታውቅም።

ሳል የጀመረው ልጃችን ክርስትና በተነሣ ሰሞን ነው። ልጁን ያነሣልን መኮንን ነበር። መኮንን ከሲሳይ ጋር አብሮ አደግ ነው፣ ሦስት በቅሎ ያለው፣ አፉ የሚጣፍጥ፣ የተጣላ የሚያስታርቅ ሰው። ሲሳይ ሲያስል አንድ ሰሞን ጉንፋን አልነው፣ ቀጥሎ ብርድ አልነው፣ ከዚያ ምንም ማለት ተውን። ዳገት ሲወጣ እየቆመ፣ እንግዳው ከበቅሎ ወርዶ ውኃ የሚያጠጣው ቀን መጣ። ያን ማታ ኮቱን አውልቆ ሲሰቅል፣ ያልነገረኝ ነገር ገባኝ፤ ከእንግዲህ ዳገት አይወጣም። በማግስቱ ተራችን ነበር። በእኛ ሥራ ተራ ማለት ተራ ነው፤ ያልወጣ ሰው ተራው ለሚቀጥለው ያልፍና እስኪዞር ድረስ ቤት ይቀመጣል። ገና ሳይነጋ ተነሥቼ የሲሳይን ኮት ለበስኩ፣ ነጠላዬን ራሴ ላይ እንደ ወንድ ጠመጠምኩ፣ ዳማን ጭኜ ወጣሁ። እንግዳዋ ጀርመን ናት አሉኝ፣ ጸጉሯ ነጭ የሆነ ሴትዮ። እርሷ ዳማን እንጂ እኔን አላየችኝም።

ገብሱን አልፈን ድንጋዩ ላይ ስንደርስ መኮንን ከኋላዬ ሌላ እንግዳ ጭኖ ይመጣል።

«ሲሳይ! ቁመትህን ምን በላው ዛሬ?» አለ።

ነጠላዬን ወደ ግንባሬ ሳብ አደረግሁ። እርምጃውን ፈጠን አድርጎ ደረሰብኝና ከነጠላው ሥር ፊቴን አየኝ።

«ወይ አበልጄ!»

«አያ መኮንን፣ ስለ እመቤታችን አይናገሩብኝ።»

«ምን ብዬ ልናገር? ከሲሳይ ትሻያለሽኮ። እርሱ ሲያስል እንግዳው ሐኪም ልፈልግለት ይላል።» ሳቁን በጋቢው ጫፍ አፈነው። ቀጥሎ ግን ቁም ነገር አወራኝ። «ጠባቡ ላይ ስትደርሺ እንዳትስቢያት። ልጓሙን ለቀቅ አድርገሽ ከፊቷ ሂጂ። በቅሎ ገደል ላይ ከተሳበች ትጠራጠራለች፤ ከተለቀቀች ግን እግሯን ራሷ ታስቀምጣለች።»

እንዳለው አደረግሁ። ዳማ እግሯን ራሷ አስቀመጠች። ሴትዮዋ እየዘመረች አለፈች፤ ገደል እንደነበረም የገባት አይመስለኝም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ የወጣሁት እኔ ነኝ። ሲሳይ ግንቡ ሥር ተቀምጦ ተራ ይጠብቃል፣ ከእንግዳው ጋር ዋጋ ይነጋገራል፣ እኔ እንግዳውን ከነበቅሎው ከከተማው ወጣ ብሎ ገብሱ ጋ እቀበለዋለሁ። ስንመለስም እዚያው ለሲሳይ አስረክበዋለሁ። ይህ የተደበቀ ነገር አልነበረም፤ የተከደነ ነገር ነው። በመንገዱ የሚመላለሱት በቅሎ ሳቢዎች ሁሉ ያውቃሉ። «ኮቱ መጣ» ይላሉ ስመጣ፣ «ኮቱ ሄደ» ይላሉ ስሄድ። አያ አበጀ የሚባሉ ሽማግሌ ነበሩ፣ ከሁላችንም በላይ የቆዩ፤ «አሁን አሸተን ላይ ወንድ ጠፋ፣ ኮት ብቻ ቀረ» ይሉ ነበር። እስቅ ነበር። ያን ጊዜ ቀልዱ የእኔም ነበር።

አንድ ቀን መኮንን ሲወርድ ጉልበቱ ከዳው። ዝናብ ነው፣ ድንጋዩ እንደ ሳሙና ነው። የእርሱንም የእኔንም በቅሎ፣ ሁለት እንግዳ ጭኜ፣ እርሱን ደግሞ ዱላ አስይዤ አወረድኳቸው። ገብሱ ጋ ስንደርስ ጭቃ ላይ ተቀምጦ «አበልጄ፣ ዛሬ እናቴ ብትኖር እንዲህ አታደርግልኝም» አለ። እንዲህ ሲል ሲሳይም ነበር፣ ሌሎችም ነበሩ። ይህን የምጽፈው ውለታ ለመቁጠር አይደለም። አላየሁም የሚል ሰው ምን እንዳየ እንዲታወቅ ነው።

ሲሳይ የሞተው ገብሱ ሊታጨድ ሲል ነው። ስለ ሞቱ አልጽፍም። መኮንን አስከሬኑን ተሸክሟል፣ ልጄን አቅፎ አልቅሷል፤ ያን ያደረገውን አልክድበትም። ከአርባው በኋላ ኮቱን ለብሼ ከገብሱ ሳይሆን ከግንቡ ሥር ተነሥቼ መሳብ ጀመርኩ። ማንም ምንም አላለኝም። አንዲት ሴት በቅሎ ስትስብ ያየ እንግዳ ደግሞ ሠላሳውን ይሰጥ ነበር፣ አያገላብጠውም። እነዚያን ወራት ስለ ምን እንደምናፍቃቸው ለራሴም ግልጽ አይደለም፤ ባል የሞተበት ዘመን እንዴት ይናፈቃል? ግን ይናፍቀኛል። ኮቱ የሲሳይን ጠረን አልለቀቀም ነበር፣ ዳማ መንገዱን ታውቃለች፣ ልጄ ከእናቴ ጋር ደህና ነው፣ እኔ ደግሞ በጠዋት ከሰው ሁሉ በላይ ሆኜ ከተማውን ወደ ታች አየዋለሁ።

ከዚያ የእንግዳን ጉዳይ የሚቆጣጠረው የከተማው ጽሕፈት ቤት ደንብ አወጣ። ያለ ፈቃድ በቅሎ ማከራየት ክልክል ነው። ፈቃዱ የሚሰጠው ስምንተኛ ክፍል ላጠናቀቀ፣ ቁጥሩም የተወሰነ፤ የቀረው በቅሎውን ገበያ ይውሰድ። የተጻፈው ግንቡ ላይ ተለጠፈ፣ ከበቅሎዎቹ በስተኋላ ነበር የተለጠፈው። አንብቦ የነገረን የካሴት ቤቱ ባለቤት ነው፤ ያን ቀን ትዝታውን አጠፋው። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ያለው ሾላ ሥር ተሰበሰብን። ሃያ አንድ ቤት ነበርን፣ ከዚያ ውስጥ ስምንተኛ ክፍል የደረሰ አንድም አልነበረም።

«እኔ ነኝ ወይስ በቅሎዬ ናት ስምንተኛ ክፍል የምትገባው?» አሉ አያ አበጀ።

«አብራችሁ ግቡ» አለ አንዱ።

«አብረን ከገባን እርሷ ታልፋለች፣ እኔ እወድቃለሁ።»

ተሳቀ። ከሳቁ በኋላ ግን ሁሉም ቤቱን ያስብ ጀመር። ማኅበር እናቋቁም፣ ደንቡን በፍርድ ቤት እንቃወም ያለው መኮንን ነው። ይህንም አልክድበትም፤ ሐሳቡ የእርሱ ነው፣ ጥሩ ሐሳብ ነበር። ሊቀ መንበር አደረግነው። «አፋችን አንተ ነህ» አልነው፣ እኔም ከሌሎቹ ጋር እጄን አወጣሁ። በጃንጥላ ሥር ተቀምጦ አቤቱታ የሚጽፈው ሰውዬ ክሳችንን ጻፈልን፦ ሥራው ከአባት የወረደ ነው፣ የሚጠይቀው ጉልበትና መንገድ ማወቅ ነው፣ ደንቡ እንጀራችንን ያለ ጥፋታችን ይነጥቃል። ሲያነብልን ቆንጆ ነበር። እያንዳንዳችን ጣት አሳረፍንበት።

ችሎት ስንሄድ የለበስነውን ብታዩ ሠርግ ይመስላችኋል። ወንዶቹ ጋቢያቸውን አጥበው፣ እኔ ኮንጎ ጫማዬን አድርጌ። ዳኛዋ ወጣት ሴት ናት፤ ስትናገር ዓይኗን ከወረቀቱ ታነሣለች፣ ያ ደስ አሰኝቶኝ ነበር። ቀጠሮ ተሰጠን፣ ሄድን፤ ደግሞ ተሰጠን፣ ደግሞ ሄድን። ክረምቱ ገብቶ ወጣ። የጽሕፈት ቤቱ ሰው እየመጣ የሚለው አንድ ነገር ነው፤ በቅሎው የእኔ ነው የሚል ሰው የማይታወቅ ልጅ ቀጥሮ ይልካል፣ የእንግዳ ዕቃ ይጠፋል፣ እንግዳ ይወድቃል። ውሸት አልነበረም፤ ሆኖ ያውቃል። የሁዳዴ ጾም ሊገባ ሲል ዳኛዋ ዓይኗን አንሥታ «በእርቅ የምትጨርሱበት መንገድ ካለ ችሎቱ ይቀበለዋል» አለች። እኛም ደስ አለን። በእኛ አገር ፍርድ ቤት ገብቶ በሽማግሌ መውጣት ክብር ነው።

እዚህ ላይ የአገራችንን ልማድ ለማያውቅ ልንገር። ሽማግሎቹ ነገሩን ከመናገራቸው በፊት ይጠይቃሉ፦ «ለእኛ ለቃችኋል?» ሰውየው ቃሉን ይለቃል፣ መስቀል ይሳለማል። ከዚያ በኋላ ሽማግሌው የሚለውን ይቀበላል፤ ምን እንደሚሉ አስቀድሞ አይጠየቅም፣ መጠየቅ መጠራጠር ነው። የለቀቀውን ቃል መልሶ መጠየቅ ደግሞ እርቅ ማፍረስ ነው፣ እርቅ ያፈረሰ ሰው ነገ ቤቱ ሲቃጠል እሳት የሚያጠፋለት የለም። ይህ ልማድ መጥፎ ነው አልልም። ስንት ደም ያደረቀ ልማድ ነው። ግን የተሠራው በሁለት ወገን መካከል ለተጣሉ ሰዎች ነው፤ በአንዱ ወገን ውስጥ ያለ ሰው ሊሸጥ እንደሚችል ልማዱ አላሰበም።

የዳግማይ ትንሣኤ ማግስት ወይራው ሥር ተሰበሰብን። ሽማግሎቹ ሦስት ናቸው፤ መካከል ላይ አባ ተክሌ፣ የሚያስፈሩም የሚያስወድዱም ቄስ፣ መስቀላቸውን ጉልበታቸው ላይ አስቀምጠዋል። በአንድ ወገን የጽሕፈት ቤቱ ሰዎች፣ በአንድ ወገን እኛ። ጾሙ ተፈቷል፣ ሁሉም ፊቱ ወዝቷል። በመጀመሪያ ጽሕፈት ቤቱ ለቀቀ። ከዚያ ወደ እኛ ዞሩ።

«ለሽማግሌ ለቃችኋል ልጆቼ?»

«ለቀናል!» ተባለ። አንድ በአንድ እየተነሡ መስቀል ተሳለሙ። ተራው እኔ ጋ ሲደርስ ከመቀመጫዬ አልተነሣሁም። ለምን እንደሆነ አላውቅም፤ ምንም የሰማሁት ነገር አልነበረም። የበቅሎ ነገር ሊሆን ይችላል፤ ገደል ሳይታይ ጆሮዋን ታቆማለች። መኮንን ጎኔ ነበር። ጎንበስ ብሎ በጆሮዬ፦

«አበልጄ፣ ልቀቂ። እኔ አለሁልሽ።»

ተነሣሁ፣ ተሳለምኩ፣ ለቀቅሁ።

አባ ተክሌ ነገሩን ተናገሩ። የስምንተኛ ክፍሉ ነገር ቀርቷል። ቁጥሩም ቀርቷል። «እሰይ!» ተባለ፣ አያ አበጀ ዱላቸውን መሬት ላይ መቱ። ግን፣ አሉ አባ፣ የእንግዳ ደኅንነት ተገቢ ጥያቄ ነው፤ ስለዚህ ፈቃዱ የሚሰጠው እስከ ዛሬ በቅሎውን በገዛ እጁ ሲስብ ለኖረ ሰው ብቻ ነው። ሰው ቀጥሮ የሚያስስብ አያገኝም፣ ዛሬ እጀምራለሁ የሚልም አያገኝም። ይህን ሲሉ እኔ አልደነገጥኩም። እኔ ስስብ ነው የኖርኩት። ስም እየተጠራ፣ መኮንን ለማኅበሩ እየመሰከረ፣ «ይስባል»፣ «ይስባል»፣ እያለ መጣ።

«ወይዘሮ ትርንጎ?» አሉ አባ ተክሌ። «የሟች ሲሳይ ባለቤት። ስባ ታውቃለች?»

መኮንን የጽሕፈት ቤቱን ሰውዬ አየው። ሰውየው ብዕሩን እያሽከረከረ «ሴት ልጅ ፈረንጅ አስከትላ ገደል ለገደል? ይህስ ለእኛም ኃላፊነት ነው» አለ።

«አላየሁም» አለ መኮንን።

መጀመሪያ የሰማሁት አልመሰለኝም። «አያ መኮንን» አልኩ፣ «አንቱ አላዩኝም? እኔን? አሸተን ላይ?»

መሬት እያየ፣ ያ የሚጣፍጥ አፉ ፈገግ እንዳለ፦ «እኔ ያየሁት ኮቱን ነው» አለ።

ሳቁ። ሽማግሎቹ እንኳ ሳቁ፤ አባ ተክሌም ጺማቸውን ይዘው ሳቁ። ማኅበርተኞቼ ሳቁ፣ አብረውኝ ዝናብ የመታቸው። የጽሕፈት ቤቱ ሰዎች ለምን እንደተሳቀ ሳይገባቸው ሳቁ። ሁሉም ከሳቀ በኋላ ምን ይመለሳል? የተሳቀበት ነገር እንደ ቀልድ ያልፋል። «ኮት ብቻውን ዳገት ይወጣል?» አልኩ።

«ልጄ» አሉ አባ ተክሌ፣ ሳቁ ከፊታቸው ገና ሳይጠፋ፣ «ቃልሽን ለቀሻል።»

ለቅቄያለሁ። አባታችን ሆይ ተባለ፣ እኔም ቆሜ ደገምኩ። «የበደሉንን ይቅር እንደምንል» የሚለው ላይ ስደርስ አፌን ዘጋሁ፣ ከዚያ ቀጠልኩ። ከዚያ ቀን ወዲህ እዚያች ቦታ ላይ ሁልጊዜ እዘጋዋለሁ። ንስሐ አባቴ ያውቃሉ።

በማግስቱ አያ አበጀ ቤቴ መጡ። በር ላይ ቆመው ዱላቸውን ከአንዱ እጅ ወደ አንዱ እያዘዋወሩ፦ «ትርንጎ ልጄ፣ ብንናገር እርቁ ይፈርስ ነበር። የሁላችን ፈቃድ ይቀር ነበር። ጽሕፈት ቤቱ ሴት አልፈቅድም ብሎ ለመኮንን አስቀድሞ ነግሮት ኖሯል፤ እኛም የሰማነው ትናንት ማታ ነው» አሉኝ።

«እንዲያ ከሆነ አስቀድመው ለምን አልነገሩኝም?»

«ማን?»

«አፋችን።»

አያ አበጀን አላስገባኋቸውም። እኔ ነገሩ የማይገባኝ ሰው አይደለሁም። ለሃያ ቤት እንጀራ ሲባል አንድ ቤት ይቀራል፤ ይህ በሌላም ቦታ ሲደረግ አይቻለሁ። መኮንን መጥቶ «አበልጄ፣ እንዲህ ብለዋል፣ አንቺ ብትቀሪ ሁሉም ይተርፋል» ቢለኝ ምን እመልስ እንደነበር ዛሬም ሳስበው አድራለሁ። እሺ እል ነበር ይሆናል። አለቅስና እሺ እላለሁ። አልጠየቀኝም። ልቀቂ አለኝ፣ አለሁልሽ አለኝ፣ በቀልድ ሸኘኝ። ደግሞም ያ ሁሉ ለሃያው ቤት ብቻ እንዳልሆነ ሰኔ ሳይገባ ታወቀ፤ የእኔን ተራ የያዘው የመኮንን አማች ነው፣ ሙሉ ጤነኛ ጎረምሳ፣ በቅሎ ከገዛ ገና ወሩ። እርሱንም ሲስብ ኖሯል ብሎ መሰከረለት።

ያን ጊዜ ነው በቁሙ የወቀስኩት። ግንቡ ሥር፣ ጠዋት፣ በቅሎዎቹ ተሰልፈው፣ ካሴቱ እየዘፈነ። አያ አላልኩትም፣ አንቱ አላልኩትም። «መኮንን» አልኩት፣ «ጉልበትህ የከዳህ ቀን ያወረደህ ማን ነው? ኮቱ ነው?» ሻይ የምትሸጠው ሴት ማማሰያዋን አቆመች። አማቹ ወደ እኔ አንድ እርምጃ መጣ፤ መኮንን በእጁ መለሰው። የበቅሎውን ልጓም ሲያስተካክል፣ የተስተካከለውን ደግሞ ሲያስተካክል ቆየ። እንግዳ መጣና ጭኖ ሄደ።

አሁን እዚያ ማዕዘን ላይ ሳልፍ ባጃጆቹ ጡሩንባቸውን ይነፋሉ። «እማማ፣ የት ልውሰድዎት?» ይሉኛል። መሄድ የምፈልገው ቦታ ባጃጅ የሚወጣበት አይደለም። እንግዳም እንደ ድሮው አይመጣም፤ ሆቴሎቹ ወንበራቸውን ሰቅለው የቆዩበትን ጊዜ ሁላችንም አይተነዋል፣ ስለዚያ ሌላ ይጻፍ። ማኅበሩ ፈርሷል። ያ ፈቃድ ዛሬ ቢሰጡኝ ምን አደርግበታለሁ? ጉልበቴ እዚሁ ከተማው ውስጥ ቤተ ማርያም ደርሶ ለመመለስ እንኳ ይለምነኛል። የምፈልገው ፈቃዱን አይደለም። አንድ ጠዋት እፈልጋለሁ። ገብሱ ጤዛ ይዞ፣ ዳማ ከኋላዬ እየተነፈሰች፣ ጠባቡ ላይ ልጓሙን ለቀቅ አድርጌ ሳልዞር ወደ ፊት ስሄድ። አለመዞር ትልቅ ነገር ነው። ከኋላሽ ያለው እግሩን ራሱ እንደሚያስቀምጥ ካላመንሽ አትችይውም። በዕድሜዬ እንዲያ ያመንኩት ሲሳይንና ሁለት በቅሎ ነው። አራተኛ ጨምሬ ነበር።

ከእርቁ በኋላ ብቻዬን ወልድያ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሄጄ ነበር። በእርቅ ያለቀ ነገር ይግባኝ የለውም ተባልኩ፤ በዚያው መኪና ተመለስኩ። ዳማንና ቦራን ብልባላ ገበያ ወስጄ ለእህል ነጋዴ ሸጥኳቸው፤ ነጋዴው ዓይናቸውን ሳይሆን እግራቸውን አየ። በገንዘቡ በርበሬና ጨው መነገድ ጀመርኩ፣ ልጄን በዚያ አሳደግሁ። ልጄ ስምንተኛ ክፍልን አለፈ፣ ከዚያም በላይ ሄደ። ስድረው የክርስትና አባቱን አልጠራሁም፤ ወንበሩ ባዶ እንዳይሆን አያ አበጀን አስቀመጥኩበት፣ ሽማግሌው ሲመርቁ አለቀሱ። መኮንን ዐምና በጥቅምት ሞተ። የቀብሩ ቀን ቅዳሜ ነበር። ገበያ ወጣሁ፣ ሸጥኩ፣ ድንች ገዝቼ ገባሁ።